በጌም ውስጥ የሚጓዝ ድምፅ፦ ከብስራተ ገብርኤል እስከ ሰርቨሩ

ጌም ውስጥ የሚሰማ ድምፅ ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው ጌሙን የሠራው ሰው አስቀድሞ ቀርፆ ያስቀመጠው ነው፤ የእግር ኮቴ፣ ተኩስ፣ የዶሮ ጩኸት፣ ከበስተኋላ የሚሄደው ሙዚቃ። ሁለተኛው ተጫዋቾቹ ራሳቸው ይዘውት የሚመጡት ነው፤ «ከኋላህ ነው»፣ «ጠብቀኝ»፣ «መጣ! መጣ!» እያሉ በማይክሮፎን የሚለዋወጡት። የመጀመሪያው ስልኩ ወይም ኮምፒውተሩ ውስጥ ተቀምጦ ተራውን ይጠብቃል። ሁለተኛው ግን በዚያች ቅጽበት ተወልዶ፣ ታምቆ፣ በኔትወርክ ተጉዞ፣ ተፈትቶ ሌላው ሰው ጆሮ ውስጥ መግባት አለበት፤ ያውም ጊዜው ሳያልፍበት። ሁለቱንም የሚያስተዳድሩት ሶፍትዌሮች በየጊዜው ይታደሳሉ። ተጫዋቹ «አፕዴት አድርግ» የሚለው መልእክት ሲመጣለት የሚያስበው ስለ አዲስ መሣሪያና ስለ አዲስ ልብስ ነው። ከሥር ግን የተለወጠው የድምፁ ክፍል ሊሆን ይችላል።

ብስራተ ገብርኤል በንፋስ ስልክ ላፍቶ ክፍለ ከተማ፣ በሳር ቤትና በአሮጌው ኤርፖርት አቅራቢያ የሚገኝ፣ ስሙን ከቤተ ክርስቲያኑ የወሰደ ሰፈር ነው። ብስራት ከአፍ ወጥቶ ጆሮ የሚደርስ የምስራች ነውና ስለ ድምፅ ለማውራት የማይመች አድራሻ አይደለም። እንደ ሌላው የአዲስ አበባ ሰፈር ሁሉ እዚህም ጌም የሚጫወቱት በሁለት መንገድ ነው። ጌም ቤት ውስጥ አንድ ስክሪን ፊት ለፊት አግዳሚ ላይ የተደረደሩ ልጆች ምንም የድምፅ ሶፍትዌር አያስፈልጋቸውም፤ አንድ ሜትር ርቆ የተቀመጠው ጓደኛ ስድቡ በ3 ሚሊሰከንድ ይደርሰዋል። ማታ ቤት ተገብቶ በስልክ ፐብጂ የተባለው የተኩስ ጌም ሲከፈት ግን ነገሩ ይለወጣል። አንዱ ብስራተ ገብርኤል፣ ሌላው ጀሞ ቢሆን በታክሲ ቅርብ ነው፤ ድምፁ ግን ቀጥታ ወደ ጀሞ አይወርድም። ሰርቨሩ ያለው ውጭ አገር ከሆነ ድንበር ተሻግሮ፣ ባሕር አቋርጦ፣ ያንኑ መንገድ ተመልሶ ነው ጀሞ የሚገባው።

ሰው በወሬ መሀል ለሚፈጠር መዘግየት ያለው ትዕግሥት አጭር ነው። ዓለም አቀፉ የቴሌኮሙኒኬሽን ኅብረት «ጂ.114» በሚባለው ምክረ ሐሳቡ ድምፅ ከተናጋሪው አፍ አድማጩ ጆሮ እስኪደርስ 150 ሚሊሰከንድ ቢፈጅ አብዛኛው ሰው ችግሩን አያስተውለውም ይላል፤ ከ400 በላይ የሚያዘገይ ኔትወርክ ግን ከነጭራሹ መታቀድ የለበትም። ድምፅ በአየር ላይ በ150 ሚሊሰከንድ የሚሄደው 50 ሜትር ያህል ነው፤ ከአስፋልቱ ማዶ ቆሞ እንደሚጣራ ሰው ማለት ነው። በሱሉልታው የሳተላይት ጣቢያ በኩል ውጭ አገር ይደውሉ የነበሩ ሰዎች የዚህን ተቃራኒ ያስታውሱታል። ሳተላይቱ ከምድር 36,000 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቆ ስለሚቆም ድምፁ ወጥቶ ለመውረድ ብቻ ሩብ ሰከንድ ይፈጅበት ነበር። «ሃሎ» ይባላል፤ ዝምታ፤ ከዚያ ሁለቱም እኩል ይናገራሉ፤ ከዚያ ሁለቱም እኩል ዝም ይላሉ።

አሁን መንገዱ የመስታወት ገመድ ነው። ብርሃን በፋይበር ውስጥ በሰከንድ 200,000 ኪሎ ሜትር ያህል ይሄዳል። ብዙ ጌሞች ሰርቨር ከሚከራዩባቸው ድርጅቶች አንዱ የሆነው አማዞን እ.ኤ.አ. በ2019 ባሕሬን፣ በ2020 ደግሞ ኬፕታውን ላይ የመረጃ ማዕከላት ከፍቷል። ባሕሬን ከአዲስ አበባ በአየር 2,300 ኪሎ ሜትር ገደማ ናት፤ ገመዱ እንደ አሞራ ቢበር ኖሮ ድምፁ በ12 ሚሊሰከንድ ይደርስ ነበር። ገመዱ ግን አይበርም፤ ወደ ጅቡቲ ወርዶ፣ ባሕር ገብቶ፣ የኔትወርክ ባለቤቶች በተዋዋሉበት አቅጣጫ ይዞራል። መንገዱ ተጣምሞ ደርሶ መልሱ 10,000 ኪሎ ሜትር ቢሞላ እንኳ የሚፈጀው 50 ሚሊሰከንድ ነው። ከ150ው የቀረው 100 የት ይሄዳል? ብዙውን የሚበላው ሶፍትዌሩ ነው።

የዚህን ምክንያት ሚኒባስ ታክሲ የሚጠቀም ሰው ወዲያው ይረዳዋል። ድምፅ በኔትወርክ ላይ የሚላከው እንደ ውኃ እየፈሰሰ ሳይሆን በፓኬት እየተጫነ ነው። ማይክሮፎኑ የሚሰጠውን ድምፅ ሶፍትዌሩ ለ20 ሚሊሰከንድ ያጠራቅማል፣ ያምቀዋል፣ አንድ ፓኬት ላይ ጭኖ ይልካል፤ በሰከንድ 50 ፓኬት ይሆናል። ታክሲው ሳይሞላ አይነሳም። እያንዳንዱ ፓኬት ደግሞ የተሳፋሪው ብዛት ምንም ይሁን ምን ሾፌርና ረዳት አለው፤ የላኪውንና የተቀባዩን አድራሻ፣ ተራ ቁጥሩንና ሰዓቱን የሚይዝ 40 ባይት። ድምፁ በሰከንድ 24 ኪሎቢት እንዲሆን ከታመቀ በ20 ሚሊሰከንድ ውስጥ የሚሰበሰበው 60 ባይት ብቻ ነው። ከ100 ባይት ጭነት 40ው ሾፌርና ረዳት ሆነ ማለት ነው። በሰዓት ሲሰላ 18 ሜጋ ባይት ይመጣል። ጌሙን የሠራው ሰው የፓኬቱን ርዝመት ወደ 60 ሚሊሰከንድ ቢያሳድገው ሂሳቡ ወደ 13 ሜጋ ባይት ይወርዳል፤ ትልቅ አውቶቡስ እንደማለት ነው፤ ግን እስኪሞላ ተጨማሪ 40 ሚሊሰከንድ ይጠበቃል። ፓኬጅ ገዝቶ ለሚጫወት ሰው 5 ሜጋ ባይት ትንሽ አይደለም። ተኩስ ውስጥ ላለ ሰው 40 ሚሊሰከንድም ትንሽ አይደለም። ሁለቱን የሚያስታርቀው ቁጥር ኮድ ውስጥ የሚጻፍ አንድ መስመር ነው፤ በአፕዴት የሚለወጠውም እንዲህ ያለው ነገር ነው።

ድምፁን በአንድ ጫፍ የሚያምቀው፣ በሌላው ጫፍ የሚፈታው የሶፍትዌር ክፍል ኮዴክ ይባላል። ሳይታመቅ የተቀረፀ ጥራት ያለው ድምፅ በሰከንድ 48,000 ጊዜ ይለካል፤ እያንዳንዱ ልኬት 16 ቢት ቢይዝ በሰዓት ወደ 345 ሜጋ ባይት ይሆናል። የድሮው የቤት ስልክ ይህን የሚቀንሰው ድምፁን እየሸራረፈ ነበር፤ ከ300 ሄርዝ በታችና ከ3,400 ሄርዝ በላይ ያለውን ይጥላል። በስልክ «ሰ» እና «ፈ» የሚደበላለቁት፣ ስም ሲነገር «ሰላም በሚለው ሰ» እያሉ ማብራራት የመጣውም ከዚህ ነው።

ዛሬ በጌም ውስጥ ለንግግር በብዛት የሚያገለግለው ኮዴክ ኦፐስ ነው። ተጫዋቾች የሚያወሩበት የዲስኮርድ የድምፅ መስመር በእሱ ይሠራል፤ ኢትዮጵያውያን ሌት ተቀን የሚለዋወጧቸው የቴሌግራም የድምፅ መልእክቶችም በኦፐስ የታመቁ ናቸው። ኦፐስ የሁለት ወንዞች መገናኛ ነው፤ አንዱ ለንግግር የተሠራው የስካይፕ «ሲልክ»፣ ሌላው ለሙዚቃ የሚስማማው፣ ዚፍ የተባለው የበጎ ፈቃድ ድርጅት ያዘጋጀው «ሴልት»። በሰከንድ ከ6 ኪሎቢት ጀምሮ እስከ 510 ድረስ እንደ ኔትወርኩ አቅም ሊሰፋና ሊጠብብ ይችላል። ኮዱ ክፍት ነው፤ ለመጠቀምም ክፍያ አይጠየቅም። አዲስ አበባ ውስጥ በሁለት ላፕቶፕ ለሚሠራ ቡድን ይህ የመጨረሻው ነጥብ ከሌላው ሁሉ ይበልጣል።

ኦፐስ ዓለም አቀፍ ደረጃ ሆኖ የጸደቀው እ.ኤ.አ. በሴፕቴምበር 2012 ነው። በዚያው ሰሞን ኢትዮጵያ ውስጥ የቴሌኮም ማጭበርበር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 761/2004 በነጋሪት ጋዜጣ ወጣ። አዋጁ በኢንተርኔት የስልክ ጥሪ አገልግሎት የሚሰጥ ሰው ከ3 እስከ 8 ዓመት፣ አገልግሎቱን የሚያገኝ ደግሞ ከ3 ወር እስከ 2 ዓመት እስራት እንዲቀጣ ደነገገ። ስካይፕ የሚጠቀም ሁሉ ሊታሰር ነው የሚል ወሬ ዓለምን አዳረሰ። መንግሥት በበኩሉ አዋጁ ጥሪ እየሸጡ ገቢውን የሚያስቀሩትን እንጂ ተራውን ተጠቃሚ እንደማይመለከት ገለጸ። ያ ሁሉ ጭንቀት የታየው የአገሪቱ የቴሌኮም ገበያ በአንድ ድርጅት እጅ በነበረበት ጊዜ ነው። ሁለተኛው ኦፕሬተር ሳፋሪኮም ኢትዮጵያ አገልግሎቱን በይፋ የጀመረው እ.ኤ.አ. በኦክቶበር 2022 ነበር። ስሙ የተነሣው ስካይፕ ራሱ እ.ኤ.አ. በሜይ 2025 ተዘጋ። «ሲልክ» ግን ኦፐስ ውስጥ ሆኖ በየሰዉ ስልክ አለ።

ጌም ውስጥ ድምፅን የሚያበላሸው ከሁሉ በላይ የሚጠፋ ፓኬት ነው። ከተላኩት 50 ፓኬቶች ሁለት ሦስቱ መንገድ ላይ ይቀራሉ፤ ሌሎቹ ዘግይተው፣ አንዳንዴም ተራቸውን ስተው ይደርሳሉ። ተቀባዩ ጋ ያለው ሶፍትዌር ይህን ለማስተካከል ድምፁን ትንሽ ያቆየዋል፤ እስከ 40 ወይም 60 ሚሊሰከንድ የመጣውን እያሰለፈ። ማቆያው ሲረዝም ንግግሩ ይጠራል፣ ወሬው ግን ይዘገያል። ጎበዝ ሶፍትዌር ማቆያውን እንደ ኔትወርኩ ሁኔታ ሲያስረዝም ሲያሳጥር ይውላል፤ ለዚህም ድምፁን ለጆሮ ሳይታወቅ ይለጥጠዋል ወይም ያፋጥነዋል። ጉግል እ.ኤ.አ. በ2011 ለሕዝብ የከፈተው «ዌብአርቲሲ» የሚባለው የኮድ ስብስብ ይህን ችሎታ ለማንም ሰሪ በነፃ ሰጥቷል።

አማርኛ እዚህ ላይ የራሱ ጣጣ አለው። «መጣ» እና «መታ» የሚለያዩት በአንድ ፍንዳታ ነው፤ የ«ጠ» ፍንዳታ በመቶ የሚቆጠሩ ሚሊሰከንዶች አይቆይም፤ አንድ ወይም ሁለት ፓኬት ውስጥ ተጀምሮ ያልቃል። ያ ፓኬት ከጠፋ ጓደኛው ጠላት መምጣቱን ነው ወይስ መምታቱን የነገረው? መጥበቅና መላላትም አለ። «አለ» ሲላላ ተናገረ፣ ሲጠብቅ ይገኛል ማለት ነው፤ «ዋና» ሲላላ በውኃ፣ ሲጠብቅ ከሁሉ የሚበልጥ። ልዩነቱ ያለው በርዝመት ላይ ነው፤ ርዝመት ደግሞ ሶፍትዌሩ ሊለጥጠውና ሊያሳጥረው ፈቃድ የተሰጠው ነገር ነው። በእንግሊዝኛ ተሞክሮ አለፈ የተባለ የድምፅ ማሻሻያ በአማርኛም አልፏል ማለት አይቻልም። አማርኛ ተናጋሪ ጆሮ ሊሰማው ይገባል።

በሚጠፋ ፓኬት ረገድ ትልቅ ማሻሻያ ይዞ የመጣው እ.ኤ.አ. በማርች 2024 የወጣው ኦፐስ 1.5 ነው። ሦስት ነገር ጨመረ፤ ሦስቱም በአርቲፊሻል ኢንተለጀንስ የሚሠሩ ናቸው። የመጀመሪያው አጭር ክፍተትን የሚሞላ ነው፤ አንድ ፓኬት ሲጠፋ ከፊት ከሰማው ተነሥቶ ድምፁ እንዴት ሊቀጥል እንደሚችል ይገምታል። የድሮው ዘዴ ግምቱን ሲስት የሮቦት ንግግር የመሰለ ጉርምርምታ ይፈጥር ነበር። ሁለተኛው ጠንከር ያለ ነው፤ ላኪው በእያንዳንዱ ፓኬት ላይ ያለፈውን ንግግር ጭምቅ ቅጂ ደርቦ ይልካል፤ እስከ አንድ ሰከንድ ድረስ ወደ ኋላ። ኔትወርኩ ለግማሽ ሰከንድ ድርግም ብሎ ቢመለስ የመጀመሪያው የደረሰ ፓኬት ያመለጠውን ይዞ ይመጣል። ሦስተኛው በጣም የታመቀ ድምፅ ከተፈታ በኋላ የሚያጠራ ነው፤ በሰከንድ 6 ኪሎቢት የመጣ ንግግር ጆሮ ሳይጎረብጥ እንዲሰማ ያደርጋል።

የኦፐስ ሰዎች እዚህ ላይ አንድ የሚያስመሰግናቸው ውሳኔ ወስነዋል። የዛሬ ማሽን የጠፋውን ክፍተት ሊሆን ይችላል ባለው ቃል እስከ መጨረሻው ሊሞላው ይችላል፤ እነሱ ግን አድማጩ የተነገረውን ቃል እንጂ የተፈጠረለትን እንዲሰማ አልፈለጉም። ረጅም ክፍተት በግምት አይሞላም፤ ለእሱ ደራርቦ መላክ ነው መድኃኒቱ። «መጣ» ጠፍቶ በምትኩ «መታ» ቢሰማ ጌም ውስጥ ሳቅ ነው፤ ከአሜሪካ የደወለ ልጅ ከእናቱ ጋር ስለ ሕመም ሲያወራ ግን ሳቅ አይሆንም።

ለጌም ሰሪ ከዚህ ሁሉ የሚጠቅመው ማሻሻያው ማን ጋ መድረስ እንዳለበት ማወቁ ነው። ክፍተት የሚሞላውና ድምፅ የሚያጠራው ሥራቸውን የሚሠሩት ተቀባዩ ዘንድ ብቻ ነው። ብስራተ ገብርኤል ያለው ተጫዋች ጌሙን ቢያሻሽልና ጀሞ ያለው ባያሻሽል፣ ያሻሻለው ጥቅሙን ያገኛል። ደራርቦ መላክ ግን ሁለቱንም ወገን ይጠይቃል። ደግነቱ ኮዴኩ ያረጀ ጓደኛ አይቀጣም፤ አሮጌው ሶፍትዌር ተደርቦ የመጣለትን አልፎት ዋናውን ይፈታል። እ.ኤ.አ. በ2012 የተጻፈ ኦፐስ በ2024 የታመቀውን ያነባል። አፕዴት ዳታ የሚበላ ወጪ በሆነበት፣ ብዙ ሰው ዋይፋይ እስኪያገኝ በሚያዘገይበት አገር ይህ ቀላል ነገር አይደለም።

ከኮዴኩ በፊት ማይክሮፎኑ አለ፤ ማይክሮፎን ደግሞ አይመርጥም። ክረምት ሲገባ ቆርቆሮ ጣሪያ ላይ የሚወርደው ዝናብ፣ መብራት ሲሄድ የጎረቤት ጄኔሬተር፣ የታክሲ ረዳት ጥሪ፣ የቤተ ክርስቲያኑ ድምፅ ማጉያ ሁሉም ከተጫዋቹ ቃል ጋር አብሮ ይገባል። የድሮ ድምፅ ማጣሪያ እንደ ጄኔሬተር ያለውን ሳይለዋወጥ የሚያጓራ ነገር ብቻ ነበር የሚቀንሰው። እ.ኤ.አ. በ2017 ዣን ማርክ ቫለን የተባሉት ከኦፐስ ዋና ሠሪዎች አንዱ በሞዚላ ሳሉ «አርኤንኖይዝ» የሚባል፣ ከተቀረፁ ድምፆች የተማረ ማጣሪያ ለሕዝብ አወጡ፤ ተራ ኮምፒውተር ላይ የሚሠራ ቀላል ፕሮግራም። እንዲህ ያሉ ማጣሪያዎች የሰውን ንግግር ከሌላው ይለያሉ። ከቤተ ክርስቲያን የሚመጣው ቅዳሴም ሆነ የረዳቱ ጩኸት ግን የሰው ድምፅ ነው፤ ማጣሪያው ያሳልፈዋል። በተቃራኒው ክራር ይዞ ለጓደኞቹ ሊያሰማ የፈለገ ሰው ክሩ ሲመታ ድምፁ ሲበጣጠስ ይገረማል፤ ማጣሪያው ክራሩን እንደ ጫጫታ ቆጥሮታል። መፍትሔው ማጣሪያውን ማጥፋት ነው፤ ማጥፊያውን ግን ጌም ሠሪው መጀመሪያ ማስቀመጥ ነበረበት።

መብራት መሄዱ ሌላም ነገር ያስከትላል። የዋይፋዩ ራውተር ይጠፋል፣ ስልኩ ወደ ሞባይል ዳታ ይሻገራል፣ አድራሻው ይለወጣል። ሰርቨሩ በድሮው አድራሻ መላኩን ይቀጥላል፤ ተጫዋቹ ይናገራል፣ የሚሰማው የለም። በደንብ የተሠራ ሶፍትዌር ይህን ወዲያው አውቆ በአዲሱ አድራሻ ይቀጥላል፤ በደንብ ያልተሠራው ተጫዋቹን ከመስመር አውጥቶ እንደ አዲስ ያስገባዋል። ሰሪው መብራት የማይጠፋበት ከተማ ተቀምጦ ከሞከረው ጉድለቱን የሚያይበት ዕድል ጠባብ ነው።

ብሉቱዝ ማዳመጫ የሚጠቀሙ ሰዎች ማይክሮፎን ሲከፍቱ የጌሙ ሙዚቃ ድንገት ከጉድጓድ እንደሚወጣ ሲሆን ያስተውላሉ። የጌሙ ጥፋት አይደለም። የተለመደው ብሉቱዝ ጥሩ ሙዚቃ መላክና ንግግር መቀበልን አንድ ላይ ስለማይችል ማይክሮፎኑ ሲከፈት ሁለቱንም ወደ ስልክ ጥራት ያወርዳቸዋል። እ.ኤ.አ. ከ2020 ጀምሮ የመጣው አዲሱ የብሉቱዝ ድምፅ ደረጃ ይህን ይፈታል፤ ግን ስልኩም ማዳመጫውም አዲስ መሆን አለባቸው። በዚያ ላይ ብሉቱዝ ከ100 ሚሊሰከንድ በላይ የሚጨምርበት ጊዜ ብዙ ነው። ባሕሬን ደርሶ ከሚመጣው ይልቅ ከኪስ ወደ ጆሮ የሚወጣው ይዘገያል።

የስልኩ ሲስተም ራሱም ድርሻ አለው። አንድሮይድ ለረጅም ጊዜ በድምፅ መዘግየት ይታማ ነበር። ጉግል እ.ኤ.አ. በ2017 በአንድሮይድ 8 አዲስ የድምፅ መንገድ አስገባ፤ ቀጥሎም ሠሪዎች በቀላሉ እንዲጠቀሙበት «ኦቦ» የሚባል ክፍት የኮድ ስብስብ ለቀቀ። በ2021 እንዳስታወቀው በታወቁ ስልኮች ላይ ድምፅ ከማይክሮፎን ገብቶ በድምፅ ማጉያ እስኪወጣ የሚፈጀው አማካይ ጊዜ ከ109 ወደ 39 ሚሊሰከንድ ወርዷል። «ኦቦ» በአሮጌ ስልክ ላይም ይሠራል፤ አሮጌውን መንገድ መርጦ ዝም ብሎ ይሄዳል፤ ፍጥነቱን ግን አይፈጥረውም።  

አስቀድሞ የተቀረፀው የጌም ድምፅ ጉዳይ ከዚህ ይቀልላል፤ ግን አንድ የሚያምር ነገር አለው። በድብብቆሽ ጨዋታ ዓይኑን የጨፈነው ልጅ «ኩኩሉ» ይላል፤ የተደበቁት «አልነጋም» ይላሉ። ልጁ ዓይኑን ሳይገልጥ ማን በየት አቅጣጫ እንዳለ ያውቃል። የሚያውቀው ከግራ የመጣ ድምፅ ግራ ጆሮው ዘንድ ከቀኙ በፊት ስለሚደርስ ነው፤ የጊዜ ልዩነቱ ቢበዛ 0.7 ሚሊሰከንድ ያህል ቢሆንም አእምሮ አይስተውም። የጌም ሶፍትዌር ይህንኑ ያስመስላል። በማዳመጫው ሁለት ጆሮዎች መካከል ጥቃቅን የጊዜና የመጠን ልዩነት እየፈጠረ፣ የግድግዳ ነፀብራቅ እየጨመረ ኮቴውን ከኋላ ያመጣዋል። ከእነዚህ ሶፍትዌሮች አንዱ «ስቲም ኦዲዮ» እ.ኤ.አ. በ2024 ኮዱ ሙሉ በሙሉ ተከፍቷል።

በዚያው ጨዋታ ስም የተጠራ ኢትዮጵያዊ ጌምም አለ። አዲስ አበባ የሚገኘው ቅኔ ጌምስ የሠራው «ኩኩሉ» ከአሳዳጅ የምታመልጥ ዶሮ የስልክ ጌም ሲሆን፣ እ.ኤ.አ. በ2018 በአፕስአፍሪካ ሽልማት በሚዲያና መዝናኛ ዘርፍ አሸንፏል። ቡድኑ ገበጣንም ወደ ስልክ አምጥቷል። እንዲህ ያሉ አነስተኛ ቡድኖች የድምፅ ሞተር ራሳቸው አይጽፉም። ብዙውን ጊዜ «ዩኒቲ» ወይም «ጎዶ» ከሚባሉት የጌም መሥሪያዎች ጋር የመጣላቸውን ይጠቀማሉ፤ የዩኒቲ የድምፅ ክፍል ራሱ ከሥሩ እ.ኤ.አ. በ1995 በተጀመረው አውስትራሊያዊው «ኤፍሞድ» ላይ የተመሠረተ ነው። ስለዚህ መሥሪያው አፕዴት ሲሆን የጌማቸው ድምፅም ሳያስቡት አብሮ ይለወጣል።

ለውጡ ሁልጊዜ ወደ በጎ አይደለም። ማይክሮሶፍት እ.ኤ.አ. በ2007 መጀመሪያ ዊንዶውስ ቪስታን ሲለቅ ጌሞች የድምፅ ካርዱን በቀጥታ የሚያዙበትን መንገድ ዘጋ። ሲስተሙ እንዳይንኮታኮት በማሰብ ነበር፤ ግን በዋሻ ውስጥ ማስተጋባት፣ በውኃ ሥር መታፈን የነበረባቸው የዚያ ዘመን ጌሞች በአንድ ሌሊት ደረቁ። ካርድ ሠሪዎቹ ማስመሰያ ፕሮግራም እስኪያወጡ ድረስ ተጫዋቾች የከፈሉበትን ድምፅ አጡ። ስለዚህ ልምድ ያላቸው ሠሪዎች የጌሙን መሥሪያ ሥራ በተጋመሰበት ወቅት አያሻሽሉም፤ ሲያሻሽሉም አሮጌውን ቅጂ ያስቀምጣሉ፤ ከዚያም ዓይናቸውን ጨፍነው እያንዳንዱን ድምፅ ያዳምጣሉ።

የአዲስ አበባ ጌም ሠሪ ተጫዋቾቹን ሊያነጋግር ከፈለገ መሣሪያው ተሟልቶለታል፤ ኦፐስ፣ ዌብአርቲሲ፣ አርኤንኖይዝ፣ ኦቦ ሁሉም በነፃ የሚወርዱ ናቸው። አንድ ነገር ግን ልብ ይሏል። በኦፐስ 1.5 የመጡት ሦስቱ ማሻሻያዎች ኮዱ ሲወርድ ተዘግተው ነው የሚመጡት። የስልኩን አቅም ስለሚወስዱ፣ ሠሪው ሶፍትዌሩን ሲያጠናቅር በስም ጠርቶ ካልከፈታቸው፣ ከዚያም በኮዱ ውስጥ ካላነቃቸው አይሠሩም። አዲሱን ቁጥር ጭኖ ይህን የዘለለ ጌም ቁጥሩ 1.5 ይላል፤ ድምፁ ግን በ2012 እንደነበረው ይቆራረጣል።